የዳግም ዘር እኩልታ እና የውርጌሳ ወንዞች

ከደሴ ተነሥቶ ወደ ወልድያ የሚያቀና መንገደኛ ሐይቅንና ውጫሌን ካለፈ በኋላ፣ መርሳ ከመድረሱ በፊት፣ ውርጌሳን ያገኛል። በምዕራብ በኩል ደጋው እንደ ግድግዳ ተገትሮ ይታያል፤ በምሥራቅ በኩል ምድሩ ቁልቁል እየወረደ ወደ አፋር ቆላ ይዘልቃል። አውራ ጎዳናው በግድግዳውና በሜዳው መጋጠሚያ ላይ ስለሚያልፍ ከደጋ የሚወርደውን ውሃ ሁሉ ማቋረጥ ግድ ይሆንበታል። የሀብሩን ወረዳ በደቡብ የሚያዋስነው ሚሌ፣ በሰሜን የሚያዋስነው አላውሃ፣ በመካከላቸውም ያሉት ታናናሽ ወንዞችና ደረቅ ፈፋዎች ይህን የደጋ ውሃ ወደ ቆላው ያደርሳሉ። ታናናሾቹ በበጋ ሲታዩ አብዛኛው አካላቸው አሸዋና ድንጋይ ነው፤ በሐምሌና በነሐሴ ግን በደጋው ላይ የወረደው ዝናብ ብዙም ሳይቆይ ድንጋይ እያንከባለለ ከመንገዱ ይደርሳል።

እንዲህ ላለው ወንዝ የሚሠራ ድልድይ ከፍታውና ስፋቱ ምን ያህል ይሁን? ለማሽላውና ለጤፉ ማሳ ውሃ የሚያደርሰው ቦይስ በአንድ ኪሎሜትር ስንት ሜትር ይውረድ? እነዚህ ሁለት ጥያቄዎች ለሁለት ልዩ ልዩ ባለሙያዎች የቀረቡ ይምሰሉ እንጂ በወረቀት ላይ ሲሰፍሩ ወደ አንድ ዓይነት እኩልታ ያመራሉ። ያልታወቀው ቁጥር በዳግም ዘር ምልክት ሥር ተቀምጦ ይገኛል፤ የመሐንዲሱም ተግባር ከዚያ ውስጥ ማውጣት ነው። ይህ የማውጣት ዘዴ ተማሪው ገና ከታች ክፍሎች ሳለ የሚማረው በመሆኑ ታላላቆቹ ንቀው ያልፉታል። ዘዴው እዚህ የደረሰው ግን ከሦስት ሺህ ዓመት በላይ ተጉዞ ነው።

በመጀመሪያ የዘዴውን ምንነት ባጭሩ መግለጽ ይገባል። በአህያ ላይ ጭነት ሲጫን መጀመሪያ ኮርቻው፣ ቀጥሎ ጆንያው፣ በመጨረሻም ገመዱ ይሆናል፤ ሲራገፍ ግን መጀመሪያ የሚፈታው ገመዱ ነው። እኩልታም እንዲሁ ነው። ከአንድ ባልታወቀ ቁጥር ላይ 2 ተቀንሶ፣ ከቀሪው ዳግም ዘር ተወስዶ፣ በ3 ተባዝቶ፣ 4 ተደምሮበት 19 ሆነ እንበል፤ በምልክት ሲጻፍ 3√(ሀ − 2) + 4 = 19 ማለት ነው። ይህን ለመፍታት ኋላ የተደመረው 4 አስቀድሞ ይቀነሳል፤ 15 ይቀራል። ማባዛቱ በማካፈል ይፈታል፤ 5 ይሆናል። ዳግም ዘሩ በዳግም ርቢ ይፈታል፤ 25 ይሆናል። የተቀነሰው 2 ሲመለስ ቁጥሩ 27 ሆኖ ይገኛል። እያንዳንዱ ስሌት የራሱ ተገላባጭ አለው፤ ተገላባጮቹ የሚሠሩትም ከኋላ ወደ ፊት በሚሄድ ቅደም ተከተል ነው።

ከዚህ ላይ ስለ ስሙ ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። ዐረቦች ይህን ቁጥር «ጅዝር» አሉት፤ የተክል ሥር ማለት ነው። የላቲን ተርጓሚዎች ቃሉን እንዳለ ወስደው «ራዲክስ» አሉት፤ የአውሮፓ ቋንቋዎችም እስከ ዛሬ በዚያው ጸንተዋል። የአማርኛው የሂሳብ መጽሐፍ ግን «ዘር» የሚለውን መረጠ። 25 ርቢው ሲሆን 5 ዘሩ ነው። ዘርና ርቢ በገበሬው ዘንድ አንዱ ወደ ሌላው የሚያመራ፣ ሌላውም ወደ አንዱ የሚመለስ ጥንድ ስለሆነ የስሌቱን ተገላባጭነት ቃሉ ራሱ ይናገራል። ምርጫው ከዐረቡም ከላቲኑም የተሻለ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

የዳግም ዘር ፍለጋ በጽሑፍ ከተገኘባቸው እጅግ ጥንታዊ ቅርሶች አንዱ በዬል ዩኒቨርሲቲ የሚገኝ የባቢሎን የሸክላ ጽላት ነው። ጽላቱ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ1800 እስከ 1600 ባለው ዘመን እንደ ተጻፈ ይገመታል። በላዩ አራት ማዕዘንና ሰያፍ መስመሮቹ ተስለው የ2 ዳግም ዘር በስድሳ ቤት አቆጣጠር ሰፍሮበታል፤ ወደ ዛሬው አጻጻፍ ሲመለስ 1.414213 ገደማ ነው። ስሕተቱ ከአንድ ሚሊዮንኛ ያንሳል። ጸሐፊው ይህን ያህል መጠንቀቅ ለምን እንዳስፈለገው ለመገመት የመሬት ስፍርን ማሰብ ይበቃል። በወሎ አንድ ጥማድ መሬት በተለምዶ የሄክታር ሩብ፣ ማለትም 2500 ካሬ ሜትር ተደርጎ ይቆጠራል። አራቱ ጎኖቹ እኩል ቢሆኑ የአንዱ ጎን ርዝመት 50 ሜትር ይሆናል። ሁለት ጥማድ የሚፈልግ ሰው ጎኑን አጥፎ 100 ሜትር ቢያደርግ ግን አራት ጥማድ ይወስዳል፤ ከጎረቤቱም ጋር ይጣላል። የሚገባው 70 ሜትር ከ71 ሳንቲሜትር ገደማ ነው፤ ይኸውም 50 በ2 ዳግም ዘር ተባዝቶ የሚገኘው ነው።

በአንደኛው መቶ ክፍለ ዘመን የነበረው የእስክንድርያው ሄሮን ደግሞ ዳግም ዘርን ደረጃ በደረጃ ለመቅረብ የሚያስችል ዘዴ ጽፎ ትቷል። የ720ን ዳግም ዘር ሲፈልግ የሚቀርበውን ሙሉ ርቢ 729ን ወስዶ ከ27 ይነሣል። 720ን ለ27 ሲያካፍል 26 ከሁለት ሦስተኛ ያገኛል። የሁለቱን አማካይ ሲወስድ 26 ከአምስት ስድስተኛ ይሆናል። ይህ ቁጥር በራሱ ሲባዛ 720 ከአንድ ሠላሳ ስድስተኛ ይሰጣል፤ ከአንድ ዙር ሥራ በኋላ የቀረው ልዩነት ይህን ያህል ብቻ ነው። ዛሬም የኮምፒዩተር ፕሮግራም ጸሐፊዎች ዳግም ዘር ለማውጣት ይህንኑ መንገድ ሲከተሉ ይታያሉ።

የእኩልታ አፈታት ራሱን የቻለ ትምህርት የሆነው በባግዳድ ነው። ሙሐመድ ኢብን ሙሳ አል ኸዋሪዝሚ በከሊፋው አል ማሙን ዘመን፣ እ.ኤ.አ. ከ813 እስከ 833 ባለው ጊዜ፣ በጻፈው መጽሐፍ ሁለት ሥራዎችን ስም ሰጥቶ ለየ። «አል ጀብር» የጎደለውን መመለስ ነው፤ «አል ሙቃበላ» በሁለቱ ወገን ያለውን ማመዛዘን ነው። አልጀብራ የሚለው ስም ከዚህ ወጣ። የዚህ መጽሐፍ ሰፊው ክፍል ስለ ውርስ አከፋፈል መሆኑ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። አንድ ሰው ሲሞት ለሚስት፣ ለወንድ ልጅ፣ ለሴት ልጅ የሚደርሰው ክፍል በሕጉ የታወቀ ነው፤ ከዚያ በፊት የሚከፈለው ዕዳና ኑዛዜ ሲጨመርበት ያልታወቀውን ወደ ኋላ ተመልሶ መፈለግ ያስፈልጋል። ይህ የፈራኢድ ትምህርት በእስልምና ሕግ ጥናት ውስጥ የታወቀ ዘርፍ ነው። ወሎ ደግሞ ስለ እስልምና ትምህርት ስሙ የተጠራ አገር ነው፤ የጁ ምድር ያለው ዳና ለዚህ ምስክር ነው። ስለዚህ አል ኸዋሪዝሚ የደከመበት የሂሳብ ዓይነት በዩኒቨርሲቲ በኩል ከመምጣቱ በፊት በሌላ በር ወደዚህ አገር ገብቶ ነበር ቢባል ከእውነት መራቅ አይሆንም።

በሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ያለው ወገንም ባዶ እጁን አልነበረም። ገዳሙ በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከአባ ኢየሱስ ሞዐ ጀምሮ የትምህርት ማዕከል ሆኖ ኖሯል። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት የሚሰጠው ባሕረ ሐሳብ ዳግም ዘር የለበትም፤ ተገላባጭ ስሌት ግን አለበት፤ ያውም የሚያስደንቅ። የዓመቱ ወንበር በ11 ተባዝቶ ሠላሳ ሠላሳው ሲገደፍ አበቅቴ ይገኛል። የ2016 ዓ.ም. ወንበር 10 ነበር፤ በ11 ሲባዛ 110፣ ዘጠናው ሲገደፍ አበቅቴው 20 ሆነ። አሁን ከአበቅቴው ተነሥቶ ወንበሩን መፈለግ ቢያስፈልግ ማካፈል አያሻም፤ ያንኑ 11 እንደ ገና ማባዛት ነው። 20 በ11 ሲባዛ 220 ይሆናል፤ ሁለት መቶ ዐሥሩ ሲገደፍ 10 ይቀራል። ምክንያቱ 11 በራሱ ሲባዛ 121 መሆኑ፣ ከዚህም መቶ ሃያው ሲገደፍ 1 መቅረቱ ነው። ለመጥቅዕ የሚያገለግለው 19ም ተመሳሳይ ጠባይ አለው፤ በራሱ ሲባዛ 361 ሆኖ፣ ሦስት መቶ ስድሳው ሲገደፍ 1 ይቀራል። በዘመናዊ ትምህርት ቤት ይህ የዩኒቨርሲቲ ጉዳይ ነው።

ወደ አውሮፓ ስንመለስ የዳግም ዘር ምልክት √ በጽሑፍ የታየው እ.ኤ.አ. በ1525 በጀርመናዊው ክሪስቶፍ ሩዶልፍ መጽሐፍ ነው፤ ከላይ የሚዘረጋውን መስመር ደግሞ ደካርት እ.ኤ.አ. በ1637 አገባበት። ምልክቱ ከመገኘቱ ሰባት መቶ ዓመት በፊት ስሌቱ በቃላት ብቻ ይሠራ እንደ ነበር ማስታወስ ይገባል። ሙሉ ቁጥርም ክፍልፋይም ሆኖ የማይገኘውን ዳግም ዘር ዐረቦች «ደንቆሮ» አሉት፤ ሲጠሩት አይሰማምና።

ውሃና ዳግም ዘር የተገናኙት ግን ከዚህ በኋላ ነው። ኢጣልያዊው ቶሪቼሊ እ.ኤ.አ. በ1644 ባሳተመው ሥራው በማጠራቀሚያ ሥር ከተበሳ ቀዳዳ የሚወጣ ውሃ ፍጥነቱ ከበላዩ ካለው የውሃ ከፍታ ዳግም ዘር ጋር እንደሚመጣጠን ገለጸ። ከፍታው አራት እጥፍ ሲሆን ፍጥነቱ ሁለት እጥፍ ብቻ ይሆናል። በዛሬው አጻጻፍ ፍጥነት በሰከንድ = √(19.62 × ከፍታ በሜትር) ነው። ፈረንሳዊው አንሪ ፒቶ እ.ኤ.አ. በ1732 ይህንኑ ሐሳብ ገልብጦ በሴን ወንዝ ላይ ሥራ ላይ አዋለው። የታጠፈ ቱቦ ወንዙ ውስጥ አስገብቶ አፉን ወደ ውሃው መምጫ ሲያዞረው ውሃው በቱቦው ውስጥ ወደ ላይ ወጣ፤ ከዚያ ከፍታ ፍጥነቱን አወቀ።

የፒቶን ቱቦ ያላየ ሰው በክረምት ከድልድይ ላይ ቆሞ ማየት ይችላል። ጎርፉ ከድልድዩ ምሰሶ ጋር ሲጋጭ በፊት ለፊቱ ተቆልሎ ይወጣል። ቁመቱ 46 ሳንቲሜትር ያህል ከሆነ 19.62 በ0.46 ሲባዛ ወደ 9 ይጠጋል፤ ዳግም ዘሩም 3 ነው፤ ውሃው በሰከንድ 3 ሜትር ገደማ እየሮጠ ነው ማለት ነው። በተገላቢጦሹ ደግሞ በሰከንድ 4 ሜትር የሚሮጥ ጎርፍ ምን ያህል ይቆለላል ቢባል 16 ለ19.62 ተካፍሎ 82 ሳንቲሜትር ይሆናል። ፍጥነቱ ወደ 5 ሜትር ቢያድግ ቁልሉ 1 ሜትር ከ27 ሳንቲሜትር ይደርሳል። ፍጥነቱ በሩብ ጨምሮ ቁልሉ ከግማሽ በላይ መጨመሩን ልብ ይሏል። የድልድዩን ወለል ከውሃው በላይ ምን ያህል ከፍ ማድረግ እንደሚገባ የሚወስን ሰው ይህን ሳያሰላ ማለፍ አይችልም።

ስለ ክፍት ቦይ የመጀመሪያውን ቀመር የጻፈው አንቷን ሼዚ ነው። የኢቬትን ወንዝ ውሃ ወደ ፓሪስ ለማምጣት ይታሰብ ስለ ነበረው ቦይ ሲያጠና እ.ኤ.አ. በ1775 ፍጥነት ከቁልቁለቱና ከሃይድሮሊክ ራዲየሱ ብዜት ዳግም ዘር ጋር እንደሚሄድ አስረዳ። ይሁንና የዚህ ሰው ጽሑፍ ሳይታተም ከመቶ ዓመት በላይ ኖረ፤ ለሕትመት ያበቃው አሜሪካዊው መሐንዲስ ክሌመንስ ኸርሸል ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1897። በመካከሉ አይርላንዳዊው ሮበርት ማኒንግ የራሱን ቀመር እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1889 ለአገሩ የሲቪል መሐንዲሶች ማኅበር አቀረበ። ማኒንግ ምህንድስናን በትምህርት ቤት አልተማረም፤ ያደገው በሂሳብ መዝገብ ሥራ ነበር።

በዚያው ዓመት በሚያዝያ ወር በኢትዮጵያ አቆጣጠር፣ ከውርጌሳ በስተደቡብ ባለችው ውጫሌ፣ በአፄ ምኒልክና በኢጣልያ መንግሥት መካከል የታወቀው ውል ተፈርሞ ነበር። የውሉ 17ኛ አንቀጽ በአማርኛ «ይቻላቸዋል» ያለው በጣልያንኛ ግዴታ ሆኖ ተገኘ። ወደ አንድ ወገን ተተርጉሞ ሲመለስ መነሻውን የማይሰጥ ስሌት ምን እንደሚያስከትል የዚያ አገር ሰው ከማንም አስቀድሞ አይቷል።

የዳግም ዘር እኩልታም እንዲህ ያለ ወጥመድ አለበት። √ሀ = −3 ተብሎ ቢሰጥና ሁለቱም ወገን በራሱ ቢባዛ ሀ = 9 ይወጣል፤ የ9 ዳግም ዘር ግን 3 እንጂ −3 አይደለም። √(ሀ + 6) = ሀ የሚለው ደግሞ ሲረባ 3ን እና −2ን ይሰጣል። 3 ሲፈተን ይጸናል፤ −2 ሲፈተን √4 ማለትም 2 ይመጣል እንጂ −2 አይመጣም። ማርባት ምልክትን ስለሚያጠፋ በሚመለሱበት ጊዜ ያልተጋበዘ እንግዳ አብሮ ይገባል። ስለዚህ የተገኘው መልስ በመነሻው እኩልታ ላይ ሳይፈተን ሥራው አላለቀም።

በአገራችን ይህ ዕውቀት ከመንገድ ሥራ ጋር ተያይዞ ተስፋፋ። በ1928 እና በ1933 ዓ.ም. መካከል ኢጣልያ ደሴን ከወልድያ፣ ከማይጨውና ከመቀሌ ጋር የሚያያይዘውን የመኪና መንገድ ሠራች። ስሌቱን የሚሠሩት በዚያን ጊዜ የውጭ ሰዎች ነበሩ። በ1943 ዓ.ም. የዓለም ባንክ ለመንገድ ሥራ ብድር ሰጠ፤ በዚያው ዓመት የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን ተቋቋመ፤ የምህንድስና ኮሌጅ ደግሞ በ1945 ዓ.ም. ትምህርት ጀመረ። ከዚያ ወዲህ የድልድይ ቀዳዳና የቦይ ቁልቁለት ስሌት በኢትዮጵያውያን እጅ መሠራት ጀመረ።

የማኒንግ ቀመር በቃላት ሲነገር እንዲህ ነው፤ የሃይድሮሊክ ራዲየሱ ወደ ሁለት ሦስተኛ ርቢ ተነሥቶ፣ በቁልቁለቱ ዳግም ዘር ተባዝቶ፣ በሻካራነት ቁጥር ሲካፈል የውሃው ፍጥነት ይገኛል። የቦይ ቀያሽ ግን ብዙ ጊዜ ፍጥነቱን አስቀድሞ ያውቀዋል። ውሃው ከዘገየ ደለል ይጥላል፤ ከፈጠነ አፈሩን ይበላል፤ በሁለቱ መካከል ያለውን ይመርጣል። የሚፈልገው ቁልቁለቱን ነው፤ እርሱም በዳግም ዘር ሥር ነው። በጊራና ሸለቆ ያለውን ዓይነት የአፈር ቦይ ለምሳሌ ያህል እናስብ። የታሰበው ፍጥነት በሰከንድ 75 ሳንቲሜትር፣ የሻካራነት ቁጥሩ 0.025፣ የሃይድሮሊክ ራዲየሱ 35 ሳንቲሜትር ይሁን። የ0.35 ሁለት ሦስተኛ ርቢ ወደ 0.5 ይጠጋል። ጭነቱን ከኋላ ጀምሮ ማራገፍ ነው፤ 0.75 በ0.025 ሲባዛ 0.01875፣ ይህ ለ0.5 ሲካፈል 0.0375 ይሆናል። ይህ የቁልቁለቱ ዳግም ዘር ነው፤ ሲረባ 0.0014፣ ማለትም በአንድ ኪሎሜትር 1 ሜትር ከ40 ሳንቲሜትር ገደማ ነው።

አሁን ቀያሹ ሻካራነቱን ሲገምት በዐሥር በመቶ ቢሳሳትና ትክክለኛው 0.0275 ቢሆን፣ የሚያስፈልገው ቁልቁለት 1 ሜትር ከ70 ሳንቲሜትር ይሆናል። ዐሥር በመቶ የነበረው ስሕተት ሃያ አንድ በመቶ ሆኖ ወጣ። ማርባት ስሕተትን ያጥፋል፤ ዳግም ዘር ግን ይከፍለዋል። ቁልቁለቱ በሃያ በመቶ ቢሳሳት ፍጥነቱ የሚሳሳተው በዐሥር በመቶ ገደማ ብቻ ነው። ስለዚህ በቀመሩ ወደ ፊት የሚሄድ ሰው ይቅርታ ያገኛል፤ ወደ ኋላ የሚመለስ ሰው ግን ዋጋውን ይከፍላል። በጎርፍ ጠለፋ ማሳውን የሚያጠጣ ገበሬና የውሃ አባት ይህን በቁጥር አያስቀምጡትም፤ ደለል የሞላውን ቦይ በየዓመቱ መጥረግ ምን ያህል ጉልበት እንደሚበላ ግን ከማንም በላይ ያውቃሉ።

የመለኪያ ጣቢያ በሌለው ወንዝ ላይ ደግሞ ቀመሩ ሌላ አገልግሎት አለው። ጎርፉ ካለፈ በኋላ በዛፍ ላይ የተንጠለጠለው ገለባ፣ በገደሉ ላይ የቀረው የጭቃ መስመር ውሃው የደረሰበትን ከፍታ ይመሰክራሉ። ቀያሹ ከላይና ከታች ያሉትን ምልክቶች ለክቶ የውሃውን ገጽ ቁልቁለት ያገኛል፤ የወንዙን ስፋትና ጥልቀት ይጨምራል፤ ከዚያም ማንም ያልለካው ጎርፍ በሰከንድ ስንት ሜትር ኩብ እንደ ነበር ይገምታል። ከደጋው ሥር የሚፈስ ወንዝ በድንገት ሞልቶ በድንገት የሚጎድል ስለሆነ በጎርፉ ሰዓት መለኪያ ይዞ የሚቆም ሰው እምብዛም አይገኝበትም፤ ስለዚህ ይህ ዘዴ በእንዲህ ያለ አገር ዋና መሣሪያ ነው።

የቀድሞዎቹ መሐንዲሶች ይህን ሁሉ የሚሠሩት በስላይድ ሩል ነበር። በላይኛው ሚዛን ላይ ያለው ቁጥር በታችኛው ላይ ያለው ቁጥር ርቢ ስለሆነ፣ አንዱን መስመር ወደ ታች ማንበብ ዳግም ዘር፣ ወደ ላይ ማንበብ ርቢ ነው። የላይኛው ሚዛን ሁለት ተመሳሳይ ግማሾች ስላሉት 9ን ከ90 መለየት ለተጠቃሚው የተተወ ነበር፤ አንዱ 3 ሲሰጥ ሌላው 9.49 ይሰጣል። በዚህ የተነሣ ቁጥሩን ከማንሣቱ በፊት መልሱ ወዴት እንደሚያመራ በልቡ ሳይገምት የሚሠራ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1972 የሂውሌት ፓካርድ ኩባንያ የዳግም ዘር ቁልፍ ያለበትን የኪስ ማስሊያ አወጣ፤ ከዚያ ወዲህ የመጡት የኮምፒዩተር ፕሮግራሞችም ቀመሩን በሁለቱም አቅጣጫ በቅጽበት ይፈታሉ። የሻካራነት ቁጥሩን ግን አሁንም ከሰው ይጠይቃሉ። ለንጹሕ የአፈር ቦይ የሚሰጠውና ትላልቅ ድንጋይ ለሞላበት የደጋ ወንዝ የሚሰጠው ቁጥር ከእጥፍ በላይ ይራራቃሉ፤ የትኛው እንደሚስማማ የሚታወቀውም በበጋ ወደ ወንዙ ወርዶ ድንጋዩን በማየት ነው።